አንድ ድስት ሾርባ በአዳማ

ባለፈው ታኅሣሥ፥ በጾመ ነቢያት መካከል፥ ከአዲስ አበባ ወደ አዳማ ወርደን ነበር። የሄድነው ለሽርሽር አይደለም። ዘጠና ዓመት ሊሞላቸው ጥቂት የቀራቸው አያታችን ከትኩሳት ተነሥተው ሳለ እህል አልወስድ ብለዋል የሚል መልእክት ከአክስታችን ስለ ደረሰን፥ ከትምህርት ቤቱ የሦስት ቀን ፈቃድ ጠይቀን ለጥየቃ ተነሣን። ዛሬ ለአንባብያን የምናቀርበው የዚያን መንገድ ታሪክና፥ በመንገዱ መጨረሻ በአክስታችን ጓዳ የተሠራውን የአንድ ድስት ሾርባ ነገር ነው። ነገሩ ትንሽ መስሎ ይታይ ይሆናል፤ ነገር ግን በሽተኛ አስታምሞ የሚያውቅ ሰው፥ አንድ ማንኪያ ትኩስ ነገር ከጉሮሮ ሲወርድ ማየት ምን ያህል ደስ እንደሚያሰኝ አይስተውም።

ከአዲስ አበባ ወደ አዳማ የሚያወርደው መንገድ ዛሬ ሁለት ነው። አንደኛው በአቃቂ፥ በዱከም፥ በቢሾፍቱና በሞጆ የሚያልፈው የቀድሞው መንገድ ሲሆን፥ ሁለተኛው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2014 የተከፈተው የፍጥነት መንገድ ነው። በፍጥነት መንገዱ የሚሄድ ሰው ቶሎ ይደርሳል፤ ከገበያ ግን አይገናኝም። የታመመ ሊጠይቅ የሚሄድ ሰው ባዶ እጁን አይገባምና፥ እኛ የቀድሞውን መረጥን። ወቅቱ የቁልቢ ገብርኤል በዓል የሚከበርበት ታኅሣሥ 19 ቀን የቀረበበት ስለ ነበረ፥ አውቶቡሱ ነጠላ ባጣፉ ተሳላሚዎች ተሞልቶ ነበር፤ የስለት ጃንጥላ በጉልበታቸው ላይ ያጋደሙም ነበሩ።

ቢሾፍቱ ስንደርስ ወረድን። በዚያ ወራት የአድአ ሜዳ ያማረ ነው። ጤፉና ስንዴው ታጭዶ በየማሳው ተከምሯል፤ ጥቁሩ መሬት ደርቆ ተሰነጣጥቋል። ከገበያው አንዲት ነጋዴ ዘንድ፥ ለአያታችን ቅንጬ ይሆናል ብለን 5 ኪሎ ስንዴ ገዛን። ፍሬው ወርቅማ፥ ከጥርስ በታች ሲገባ እንደ ጠጠር የጠነከረ ነበር።

ስለዚህ ስንዴ ጥቂት መናገር ይገባል። ሊቃውንት ዱረም ብለው የሚጠሩት ይህ የስንዴ ዓይነት በአገራችን ደጋ ከጥንት ጀምሮ ሲዘራ የኖረ ነው። ሩሲያዊው የዕፀዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1927 ወደ ኢትዮጵያ መጥቶ የእህላችንን ዘር ሰብስቦ ነበር፤ የስንዴያችንም ዓይነት መብዛት እጅግ አስደንቆታል። በቢሾፍቱ የሚገኘው የደብረ ዘይት የግብርና ምርምር ማዕከልም በጤፍና በዱረም ስንዴ ጥናት የታወቀ ነው። ዓለም ሁሉ ፓስታ የሚሠራው በተለይ ከዚህ ነገድ ስንዴ ነው። ምክንያቱም ፍሬው ሲፈጭ እንደ ደቃቅ አሸዋ ያለ ቢጫ ዱቄት ይወጣዋል፤ ሊጡም በፈላ ውሃ ውስጥ ሳይፈርስ ቅርጹን ይዞ ይበስላል። ይህን ሁሉ በክፍል ውስጥ ስናስተምር ኖረናል፤ አንድ ቀን ለቤታችን ጉዳይ ያስፈልገናል ብለን ግን አላሰብንም ነበር።

ከሞጆ በኋላ መንገዱ እየወረደ አየሩም እየሞቀ ይሄዳል። አዲስ አበባን ከ2,300 ሜትር በላይ ትቶ የተነሣ ሰው አዳማ ሲደርስ ከባሕር ወለል 1,600 ሜትር ገደማ ላይ ይቆማል፤ ካፖርቱንም ያወልቃል። ከተማይቱ ሁለት ስም የተሸከመች ናት። በአፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን፥ በመጽሐፍ ቅዱስ በምትታወቀው ከተማ ስም፥ ናዝሬት ተባለች፤ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2000 ደግሞ አዳማ የሚለው የቀድሞ ስሟ በይፋ ተመለሰላት። አያታችን እስከ ዛሬ ናዝሬት ይላሉ፤ የአክስታችን ልጆች አዳማ ይላሉ፤ በአንድ ማዕድ ዙሪያ ሁለቱም ስም ይሰማል፥ ማንም ማንንም አያርምም።

እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1917 አዲስ አበባ የደረሰው የጅቡቲ ባቡር በዚህች ከተማ ያልፍ ነበር። ዛሬ በአሮጌው ሐዲድ ላይ መንገደኛ አይሄድም፤ በ2016 የተመረቀው የኤሌክትሪክ ባቡር ጣቢያው ከከተማው ውጭ ነው። ገበያው ግን እንደ ሞቀ ነው። ከመቂና ከባቱ፥ እንዲሁም ከአዋሽ ወንዝ ዳር እርሻዎች የሚመጣው ቲማቲምና ሽንኩርት በየሣጥኑ ተደርድሯል። ከዚያም ጥቂት ገዝተን ወደ አክስታችን ቤት ገባን።

አያታችን በመስኮቱ አጠገብ ተቀምጠው አገኘናቸው። ሰላምታችንን ተቀብለው ስለ ልጆቻችን አንድ በአንድ ጠየቁን፤ ድምፃቸው ግን እንደ ክር ቀጥኖ ነበር። እንጀራው ጨጓራቸውን ያቃጥላቸዋል፤ አጥሚቱም ሰለቻቸው፤ የጤና ጣቢያው ሐኪም ለስላሳ፥ አትክልት ያለበት ትኩስ ነገር ይስጧቸው ብሎ አዝዟል። የነፍስ አባታቸውም የሰዓቱን ጾም ትተው በጠዋት እንዲቀምሱ ፈቅደውላቸዋል፤ እሳቸው ግን ከወተትና ከእንቁላል የጾሙን ሕግ አላፈርስም ብለዋል።

በዚያ ምሽት የአክስታችን ልጅ ለቤተ ሰቡ የጾም ሾርባ ትሠራ ነበር። በሽንኩርትና በቲማቲም፥ በካሮትና በድንች ውስጥ ከሱቅ የተገዛ ቀጭን ፓስታ ሰባብራ ጨመረች። ሽታው ወደ ውስጥ ሲገባ አያታችን ቀና ብለው፥ “ምንድን ነው እንዲህ የሚሸተው?” አሉ። ከስንት ቀን በኋላ ስለ ምግብ ሲጠይቁ ያ የመጀመሪያቸው ነበር። ነገር ግን ማንም አልመለሰም።

ዝምታው ምክንያት ነበረው። የአያታችን አባት መጋቢት 22 ቀን 1928 ዓ.ም. በማይጨው ጦርነት የወደቁ ናቸው። አያታችን ያን ጊዜ በእናታቸው ማኅፀን ነበሩ፤ የአባታቸውን ፊት አላዩም። እናታቸውም ከዚያ ወዲህ ኢጣልያ ያመጣውን ነገር ሁሉ ይጸየፉ ነበርና፥ ልጃቸው ፓስታ የሚባል ነገር አፋቸው ሳይገባ ይህን ያህል ዘመን ኖሩ። ሌላው ቢበላ አይከለክሉም፤ በፊታቸው የቀረበ እንደ ሆነ ግን ሳህኑን በዝግታ ወደ ጎን ያደርጋሉ። ባለቤታቸው በሕይወት ሳሉ በቆቃ ግድብ ሥራ በቀን ሠራተኛነት አገልግለው ነበር። ያ ግድብ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1960 የተፈጸመው ኢጣልያ በከፈለችው የጦርነት ካሣ ነው። አያታችን ስለዚሁ ሲነሣ፥ “መብራቱን ተቀብያለሁ፤ እህሉን ግን አልቀበልም” ይሉ እንደ ነበር አክስታችን አጫወቱን።

የአክስታችን ልጅ ወደ ጓዳ ጠርታን በቀስታ፥ “አድቅቄ ላቅርበው፤ አትክልት ብቻ ነው እንበላቸው፤ ዓይናቸውም ደክሟል፥ አያውቁትም” አለችን። እውነቱን ለመናገር ልባችን ወደዚሁ አዘንብሎ ነበር። ሰው ከሚደክም፥ ለመልካም የተባለች አንዲት ትንሽ ቃል ምን ትጎዳለች ብለን አሰብን። አክስታችን ግን፥ “እናቴ በጾም ቀን፥ በሕመማቸው አልጋ፥ በእኔ እጅ አይታለሉም። ዘጠና ዓመት የጠበቁትን ነገር እኔ በማንኪያ አልሰርቃቸውም” አሉ። አፈርን። ስንት ዓመት ሕፃናትን እውነት ተናገሩ እያልን ስናስተምር ኖረን፥ ፈተናው በቤታችን ሲመጣ ለመውደቅ ቀርበን ነበር።

በዚህ ጊዜ የገዛነው ስንዴ ትዝ አለን። በማግሥቱ ግማሹን ወደ ወፍጮ ቤት ልከን አስፈጨን፤ አክስታችንም በወንፊት ነፉት። እኛም ከአያታችን እግር አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጠን ሁሉን ሳንደብቅ ነገርናቸው። “አያትዬ፥ ሊሠራ የታሰበው ፓስታ የሚሉት ዓይነት ነው። ስንዴው ግን የአድአ ስንዴ ነው፤ የሚሠራውም በዚህ ቤት በልጅዎ እጅ ነው። ካልወደዱት ያልነውን እንዳልተባለ ይቁጠሩት” አልናቸው። አያታችን ያልተፈጨውን ስንዴ በመዳፋቸው አስደርገው ለረጅም ጊዜ በአውራ ጣታቸው ሲያሹት ቆዩ። አልመለሱልንም።

አክስታችን በፊታቸው ሊጡን አቦኩ፤ በመዳመጫ አሳስተው ዳምጠው፥ ጠቅልለው፥ በቢላዋ በቀጭኑ መቁረጥ ጀመሩ። ያን ጊዜ አያታችን ጎንበስ ብለው አዩና፥ “ዳቦ ቆሎም እንዲሁ ነው፤ ተድቦልቡሎ ይቆረጣል። እናቴ ለአባቴ ስንቅ የሠራችለት ከአድአ ስንዴ ዳቦ ቆሎ ነበር። ሌሊቱን ስቆርጥ አደርኩ ትለኝ ነበር” አሉ። ቀጥለውም፥ “ቢላዋውን ወዲህ በይ” ብለው ከልጃቸው ተቀብለው፥ እጃቸው እየተንቀጠቀጠ አምስት ስድስት ክር ቆረጡ። ያችን ቀን ግማሽ ሳህን ሾርባ ጠጡ።

አሠራሩን በየቤታችሁ ለምትሞክሩ እንዲህ ነው። ለአምስት ሰው ሁለት ብርጭቆ የተነፋ የስንዴ ዱቄትና ጥቂት ጨው በግማሽ ብርጭቆ ለብ ያለ ውሃ ይቦካል፤ ዱቄቱ ይበልጥ ከጠጣ ውሃው በማንኪያ ይጨመራል። ሊጡ ጠንከር ማለት አለበት። በጨርቅ ተሸፍኖ ግማሽ ሰዓት ይረፍ፤ ያን ጊዜ ሲዳመጥ ወደ ኋላ አይሸሽም። ሳስቶ ከተዳመጠ በኋላ እንዳይጣበቅ ዱቄት ነስንሶ፥ አጥፎ፥ ገለባ በሚያህል ስፋት መቁረጥና በሰፌድ ላይ በትኖ ጥቂት ማድረቅ ነው። እንቁላል አያስፈልገውምና ለጾም ይሆናል።

ሾርባው ሁለት ራስ ሽንኩርት በጥቂት ዘይት ሳይጠቁር በማቁላላት ይጀመራል። ሦስት ፍሬ ነጭ ሽንኩርትና አራት የበሰለ ቲማቲም ተከትፎ ይገባበታል፤ ቲማቲሙ ሲሟሟ ሁለት ካሮትና አንድ ድንች በደቃቁ ተከትፎ ይጨመርና ሁለት ሊትር ያህል ውሃ ይደረግበታል። አትክልቱ ሲለሰልስ ጨው ጨምሮ፥ ውሃው በደንብ እየፈላ ሳለ የተቆረጠው ሊጥ ይበተንበታል። በአምስት ደቂቃ ያህል ይበስላል፤ ለደከመ ሰው ጥቂት ቢጨመርለት ይሻላል። ቁንዶ በርበሬና ሎሚ በመጨረሻ ነው፤ ቃሪያው ለጤነኞች ለብቻው ይቅረብ።

በደጋ ለምትኖሩ አንድ ነገር እንጨምር። ከባሕር ወለል በ300 ሜትር ከፍ ባልን ቁጥር ውሃ የሚፈላበት ሙቀት በ1 ዲግሪ ገደማ ይቀንሳል። ስለዚህ በአዳማ ውሃ በ95 ዲግሪ ገደማ ሲፈላ በአዲስ አበባ በ92 ገደማ ይፈላል፤ የአዲስ አበባ ድስትም አንድ ሁለት ደቂቃ ትዕግሥት ይጠይቃል። ከተቀመጠ ሊጡ መረቁን ይጠጣዋልና፥ ለነገ የሚተርፈውን ሊጥ ሳይቀቅሉ ለብቻው ማስቀመጥ ይበጃል።

በሦስተኛው ቀን ስንሰናበት አያታችን መርቀው ሸኙን። በአዲስ አበባ አውቶቡስ መሳፈሪያም ከቁልቢ የሚመለሱትን ተሳላሚዎች እየጠበቅን ሳንሆን ቀድመናቸው ተመለስን። ለገና ዋዜማ ስልክ ደውለን ስለ ጤናቸው ስንጠይቅ አክስታችን ሳቁና፥ ከሱቅ የመጣውን ፓስታ ዛሬም ወደ ጎን እንደሚያደርጉት ነገሩን። “የእኛን ግን በየሁለት ቀኑ ይጠይቁኛል” አሉ። ስሙን ምን ብለው እንደሚጠሩት ጠየቅናቸው። አያታችን ፓስታ አላሉትም፤ ሾርባም አላሉትም። “ያን የስንዴ ክር አምጪልኝ” ነው የሚሉት።