ተስፋ ቡድን

ዩኒቨርሲቲ ሥነ ጽሑፍ በማስተምርበት ዘመን፣ ውጤት በተለጠፈ ማግስት ቢሮዬን የሚያንኳኳው ተማሪ «ኤፍ» ያገኘው አልነበረም። እሱ የሚሆነውን ቀድሞ ያውቃል፤ ሻንጣውን ያሰናዳል። የሚመጣው «ቢ» ያገኘው ነው። ወንበሩ ጫፍ ላይ ቁጢጥ ብሎ፣ «መምህር፣ ምን ቢጎድለኝ ነው?» ይለኛል። እውነቱን ልናገርና ብዙ ጊዜ ምን እንደጎደለው እኔም በቅጡ አላውቀውም ነበር። ቢ ክፉ ውጤት አይደለም። ክፋቱ ደጅ አቁሞ ውስጡን ማሳየቱ ነው።

ይህን ያነሳሁት ስለ ፈተና ላወራ አይደለም። ስለ ኳስ ላወራ ነው፤ ያውም ስለ ግሪክ ኳስ፣ ያውም ስለ ግሪክ ክለቦች ሁለተኛ ቡድን። «አንተን ከግሪክ ምን አገናኘህ?» የሚለኝ አንባቢ አይጠፋም። ያገናኘኝ የእህቴ ልጅ ነው። (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር እጠራለሁ፤ ነገሩ እነሱ አገር የሆነ ስለሆነ።)

እህቴ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ሰው ቤት ልትሠራ ወደ አቴንስ ሄደች። «ሁለት ዓመት ሠርቼ እመለሳለሁ» እንዳለች እዚያው ቀረች። ልጇን የወለደችውም ያሳደገችውም ኪፕሴሊ በሚባል ሰፈር ነው። ኪፕሴሊ በግሪክኛ የንብ ቀፎ ማለት ነው፤ ከአፍሪካም ከእስያም የመጣው ስደተኛ በአሮጌ ፎቆቹ ውስጥ ተጠጋግቶ ይኖርበታልና ስሙ አልበዛበትም። ልጁ ከመራመዱ በፊት ኳስ ይመታ ነበር ትላለች። እናት ናት፣ እንለፋት። ብቻ አሥራ ሦስት ዓመት ሲሞላው ከታላላቆቹ ክለቦች አንዱ ወደ ማሠልጠኛው ወሰደው። የትኛው እንደሆነ አልናገርም፤ ለዚህ ጨዋታ አያስፈልገንም።

ልጁ እዚያው ተወልዶ፣ እዚያው ተምሮ፣ ግሪክኛውን እንደ ውኃ እየጠጣው ዜጋ ግን አልነበረም። በ2010 እንደሱ ያሉ ልጆች ዜግነት የሚያገኙበት ሕግ ወጣ። በ2013 የአገሪቱ ከፍተኛ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ሕጉ ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል ብሎ ሻረው። በ2015 ሌላ ሕግ ወጣ። እንግዲህ የእህቴ ልጅ ወረፋ መጠበቅን የተማረው ኳስ ሜዳ ሳይገባ ነው ማለት ነው።

በ2021 በጋ እህቴ ደወለችልኝ። «አንተ የተማርክ ነህ፣ እስቲ ምከረው። እኔን እንደሁ አይሰማኝ» አለች። ልጁ 19 ዓመቱ ነው። በአንድ በኩል ትምህርት ቀርቦለታል፣ በሌላ በኩል ክለቡ የሁለት ዓመት ውል ይፈርም ብሎታል፤ ለዋናው ቡድን ሳይሆን ገና ለሚቋቋመው ለቢ ቡድን።

ነገሩ ለግሪክም አዲስ ነበር። እስከዚያ ድረስ የወጣትነቱን ዕድሜ የጨረሰ ልጅ፣ ዋናው ቡድን ካላስገባው ወይ በውሰት ወደ ትንሽ ክለብ ይላካል፣ ወይ ይሰናበታል። በ2021 ግን አራቱ ታላላቆች፣ ኦሎምፒያኮስ፣ ፓናቲናይኮስ፣ ኤኢኬ እና ፓኦክ፣ ሁለተኛ ቡድኖቻቸውን በሁለተኛው ዲቪዚዮን፣ ሱፐር ሊግ 2 በሚባለው ውስጥ እንዲያሰልፉ ተፈቀደላቸው። (ኦሎምፒያኮስ የሚለውን ስም እኔ መጀመሪያ የሰማሁት ከፒሬየስ አይደለም፤ ከአዲስ አበባ ነው። በ1944 የመጀመሪያው ሻምፒዮና ሲካሄድ ከጊዮርጊስ፣ ከአርመኖቹ አራራትና ከጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ ጋር የተሰለፈው የከተማችን ግሪኮች ቡድን ስሙ ይኸው ነበር።) ሐሳቡ ጥሩ ነው። ልጅ ከእኩዮቹ ጋር ብቻ ሲጫወት አይበስልም፤ ደመወዙን ለልጆቹ ዳቦ ከሚቆጥር የሠላሳ ዓመት ተከላካይ ጋር ሲጋፋ ነው የሚበስለው።

እኔም መካሪ ነኝና ስልኩን አስመጥቼ ስለ ካስቲያ ነገርኩት። ካስቲያ የሪያል ማድሪድ ሁለተኛ ቡድን ነው። በ1980 በስፔን የንጉሡ ዋንጫ፣ አትሌቲክ ቢልባኦንና ሪያል ሶሲዳድን የመሰሉ የአንደኛ ዲቪዚዮን ክለቦችን እየጣለ ለፍጻሜ ደረሰ። ተጋጣሚው ማን ሆነ? የገዛ ታላቅ ወንድሙ፣ ሪያል ማድሪድ! 6 ለ 1 ተሸነፈ፤ ሆኖም ታላቅየው የሊጉም ሻምፒዮን ስለነበር በአውሮፓ የዋንጫ አሸናፊዎች ውድድር ላይ የተሰለፈው ታናሽየው ነው። ከጥቂት ዓመታት በኋላም ቡትራጌኞን የመሰሉ ልጆች ከዚያው ቤት ወጡ። «አየህ፣ ሁለተኛ ቡድን መሰላል ነው» አልኩት። ልጁ ስልኩ ውስጥ ሲተነፍስ ይሰማኛል። በማግስቱ ፈረመ።

ያልነገርኩት ነገር አለ። በ1984 ያው ካስቲያ የሁለተኛው ዲቪዚዮን ሻምፒዮን ሆኖ ጨረሰ። ወደ አንደኛው ግን አላደገም፤ ሊያድግ አይችልም። ታላቅ ወንድም ባለበት ዲቪዚዮን ታናሽ አይገባም፤ ደንብ ነው። ሻምፒዮን ሆነህ እዚያው ትቀራለህ፣ ከኋላህ ያለው አልፎህ ይሄዳል። ይህን አላውቅም ነበር ብል ውሸት ነው። አውቃለሁ። ግን ምክሬን ያበላሽብኛል። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ተረት ስንተነትን የኖርን ሰዎች የቱ ጋ ማቆም እንዳለብን እናውቃለን።

የግሪኩም ደንብ ያው ነው። ቢ ቡድን የፈለገውን ያህል ቢያሸንፍ ወደ ላይ አያድግም፤ የግሪክ ዋንጫ ላይም አይሳተፍም። ስለዚህ ልጆቹ የሚጫወቱት ለደረጃ አይደለም። ዳር ቆሞ ለሚያያቸው ለአንድ ሰው ነው።

በ2022 ጸደይ እህቴን ልጠይቅ ሄጄ አንድ ጨዋታ አየሁ። ትልቁ ስታዲየም ሳይሆን የልምምድ ሜዳ ላይ ነው። ተመልካቹን በጣት መቁጠር ይቻላል፤ ግማሹ ወላጅ፣ ግማሹ የተጫዋች ደላላ። ከአንድ የክፍለ ሀገር ከተማ የመጣው ተጋጣሚ ግን ነፍሱን ይዞ ነው የሚጫወተው፤ ለእነሱ ማደግና መውረድ የእንጀራ ጉዳይ ነው። በዚያ ዓመት በዚሁ ዲቪዚዮን ውስጥ የላሪሳ ክለብ ኤኢኤል እንኳ ነበረበት። በ1988 የግሪክ ሻምፒዮን የሆነ፣ ከአቴንስ፣ ከፒሬየስና ከተሰሎንቄ ውጪ ያን ዋንጫ የወሰደ ብቸኛው ክለብ ነው። ሙሉ ከተማ ተስፋውን የጣለበት ክለብና ማደግ የማይፈቀድለት የልጆች ቡድን በአንድ ሊግ ውስጥ! የትንንሾቹ ደጋፊዎች ቢነጫነጩ አልፈርድባቸውም። አንዱ ለሕይወቱ ሲሮጥ ሌላው ለልምምድ ይሮጣል።

ለልምምድ ያልኩት ከሩቅ ሆኜ ነው። የእህቴ ልጅ በ78ኛው ደቂቃ ተቀይሮ ሲገባ ፊቱን አየሁትና አፈርኩ። አሥራ ሁለት ደቂቃ ውስጥ የአንድ ዓመት ሩጫ ሮጠ። ኳሱ ሌላኛው ጥግ ሆኖ እንኳ ይሮጣል። ጨዋታው እንዳለቀ መጀመሪያ ያየው እናቱን አይደለም፣ እኔንም አይደለም፤ አሠልጣኙን ነው። አሠልጣኙ ስልክ ያወራ ነበር።

ማታ ኪፕሴሊ፣ እህቴ ከአዲስ አበባ ባመጣሁላት በርበሬ ወጥ ሠርታ፣ ስንበላ ጠየቀኝ። «እርስዎ» ማለትን እናቱ አስተምራው አልሆንልሽ ብሏት፣ «ጋሼ፣ አንተ» ነው የሚለኝ። «ጋሼ፣ በእኛ አገር ቢ ቡድንን ምን ትሉታላችሁ?»

«ድሮ ቢ ነበር የምንለው» አልኩት። ልጅ ሆነን ስታዲየም በጊዜ የምንገባው ከዋናው ጨዋታ በፊት ቢዎቹ ሲጫወቱ ለማየት ነበር፤ አንዳንዴ ከዋናው ይጥም ነበር። «አሁን ግን ተስፋ ቡድን ነው የሚባለው።»

ሹካውን አስቀመጠ። «ተስፋ? ኤልፒዳ?» አለ በግሪክኛ። ለካ ግሪኮቹም ከ21 ዓመት በታች ያለውን ብሔራዊ ቡድናቸውን የሚጠሩት «የተስፋዎች ብሔራዊ ቡድን» ብለው ነው። በ1988 እና በ1998 በዕድሜው የአውሮፓ ውድድር ለፍጻሜ ደርሶ ሁለቱንም ጊዜ ተሸንፏል። ከሁለት የማይገናኙ ቋንቋዎች አንድ ቃል ሲወጣ የቋንቋ ሰው ደስ ይለዋል፤ እኔም ደስ አለኝና ስለ ቃሉ ብዙ ቀባጠርኩ። እህቴ ብቻ ዝም አለች። ቆይታ፣ «ተስፋ ካሉት ዘንድ ቀን ይቁረጡለታ» አለች።

ቀኑ የተቆረጠው በ2023 በጋ ነው። ውሉ አለቀ። የጠራው አሠልጣኝ፣ ያስቀመጠው ኃላፊ አልነበረም። ነሐሴ ላይ ለልምምድ መምጣት እንደማያስፈልገው የሚገልጽ አጭር መልእክት ስልኩ ላይ ገባ፤ በስተመጨረሻው መልካም ዕድል ተመኝተውለታል። በሁለት ዓመት ለቢው አሥራ አንድ ጊዜ ተሰልፎ ነበር። ለዋናው ቡድን አንድም ጊዜ።

ክለቦቹን ብቻ መውቀስ ግን ፍርድ ማጓደል ይሆናል። ዘዴው ለአንዳንዱ ሠርቷልና። በሚያዝያ 2024 የኦሎምፒያኮስ ወጣቶች ስዊዘርላንድ ውስጥ ሚላንን 3 ለ 0 አሸንፈው የአውሮፓን የወጣቶች ሊግ ዋንጫ ወሰዱ፤ ከግሪክ ክለብ ያንን ያደረገ አልነበረም። በወሩ ዋናው ቡድን አቴንስ ላይ ፊዮረንቲናን 1 ለ 0 ረትቶ የኮንፈረንስ ሊጉን አነሳ፤ በግሪክ ክለቦች ታሪክ የመጀመሪያው የአውሮፓ ዋንጫ። ከወጣቶቹ አንዱ ኮስቱላስ በ2025 በ18 ዓመቱ ለእንግሊዙ ብራይተን በብዙ ሚሊዮን ዩሮ ተሸጠ። አንዱ ልጅ የመቶውን ወጪ ይሸፍናል። ሒሳቡ ይህ ነው፤ የዘጠና ዘጠኙ ስም ሒሳቡ ውስጥ አይገባም። ቢ ቡድኖቹም ራሳቸው ቢሆኑ ወጪ ናቸው። በ2021 ከጀመሩት አራቱ ሁሉም አልዘለቁም፤ በጥቂት ዓመት ውስጥ ቡድኑን አጥፎ ያስቀመጠ ክለብ ተገኝቷል። የላሪሳ ክለብ ቢፈርስ ከተማው አደባባይ ይወጣል። ለቢ ቡድን ግን ማን ያለቅሳል? ደጋፊ የለው፣ ዋንጫ የለው፣ ለቅሶ ደራሽም የለው።

ባለፈው ዓመት ለበዓል ስደውል ነገሩን ተናዘዝኩ። ስለ 1984ቱ ካስቲያ ነገርኩት፤ እያወቅሁ እንደዘለልኩትም ነገርኩት። ይቆጣል ብዬ ጠብቄ ነበር።

«ጋሼ፣ ደንቡን እኮ ውሉ ላይ አንብቤዋለሁ» አለኝ። «ብትነግረኝም እፈርም ነበር። አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነው፣ ምን ታደርገኛለህ?»

ትንሽ ዝም አለ። «ግን አንተ ብትነግረኝ ኖሮ ስልክ በጮኸ ቁጥር አልደነግጥም ነበር። አንተ ያልከው መሰላል ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ አሁን ይጠሩኛል፣ አሁን ይጠሩኛል እያልኩ ነው ያሳለፍኩት። የኔ ጥፋት ይመስለኝ ነበር።»

ምን ልበለው? ከዚያ ሁሉ ዓመት በኋላ እነዚያ የቢ ተማሪዎቼ ትዝ አሉኝ። «ምን ቢጎድለኝ ነው?» ሲሉኝ «በርታ፣ በሚቀጥለው» እያልኩ ነበር የምሸኛቸው። አንዳንዱ ምንም አልጎደለውም ነበር። የኤ ኮታው ሞልቶ ነው። ያን አንድም ቀን ነግሬያቸው አላውቅም። ማበረታታት ይመስለኝ ነበር።

የእህቴ ልጅ አሁን ቀን መጋዘን ይሠራል፣ ማታ ይማራል። ቅዳሜ ቅዳሜ እዚያው ሰፈሩ አጠገብ ሕፃናት ያሠለጥናል፤ አብዛኞቹ እንደሱ የስደተኛ ልጆች ናቸው። ወላጆቹ ልጃቸውን ሊያስመዘግቡ ሲመጡ ምን እንደሚላቸው ጠየቅሁት።

«ከመቶው ለትልቅ ቡድን የሚደርሰው አንድ ቢሆን ነው እላቸዋለሁ። በመጀመሪያው ቀን ነው የምነግራቸው።»

«ታዲያ ልጆቻቸውን ይዘው አይመለሱም?»

«አንድም ሰው ተመልሶ አያውቅም» አለኝ። «ጫማ ስንት ቁጥር እንደሚገዙ ነው የሚጠይቁኝ።»