ጭሱ የሚያልፍበት መንገድ

ለብዙ ዓመታት በትራንስፖርት ክፍል የጭነት መኪና በመንዳቴ ስለ ተሽከርካሪ የማላውቀው ነገር ያለ አይመስለኝም ነበር። ይህ ትምክሕት ልጄን ሊያሳጣኝ ጥቂት እንደ ቀረው የተረዳሁት ዘግይቼ ነው።

ባለፈው ክረምት የዓመት ፈቃድ አግኝቼ ከባለቤቴና ከትንሿ ልጃችን ጋር በአንዲት አሮጌ የናፍጣ ቫን ከአዲስ አበባ ወደ ደብረ ብርሃን ተጓዝን። ብርዱ ስለ በረታ መስኮቶቹን ሁሉ ዘጋን። በመንገድ ላይ ባለቤቴ ራሷን እንዳመማት ነገረችኝ፤ እኔም የጉዞ ድካም ነው ብዬ አለፍሁት። እርሷ ግን፣ «አንተ ሰው፣ ለሻይ ስንወርድ ተወኝ፤ ስንሳፈር ተመለሰብኝ። ልጅቱም እንቅልፏ ጤናማ አይደለም። አቁም!» አለችኝ። አቆምሁ። ልጃችን ንጹሕ አየር ስታገኝ አስመለሳትና ቀስ በቀስ ነቃች። የቀረውን መንገድ መስኮቱን ከፍተን እየተንቀጠቀጥን ጨረስነው።

በማግስቱ ከአንድ መካኒክ ጋር ከመኪናዋ ሥር ተጋደምሁ። በዚህች ቫን ሞተሩ ያለው ከፊት ወንበሮች ሥር ነው። ከሲሊንደሮቹ የወጣው ትኩስ ጭስ በሰብሳቢው ቱቦ ተጠራቅሞ ቁልቁል ይወርዳል፤ የሞተሩን ንዝረት የሚያበርደውን ተጣጣፊ መገጣጠሚያ ያልፋል፤ ድምፁን ወደሚቀንሰው ማርሚታ ይደርሳል፤ በመጨረሻም ከኋላ ጎማዎች አልፎ ወደ ውጭ ይወጣል። በአዳዲሶቹ መኪናዎች ደግሞ ከማርሚታው በፊት ጥላሸት የሚይዝ ማጣሪያ አለ።

የእኛይቱ ተጣጣፊ መገጣጠሚያ ተበልቶ፣ ዙሪያው በጥላሸት ጠቁሮ ነበር። ጭሱ በማርሽ ዘንጉ ዙሪያ ካለው ክፍተት ወደ ውስጥ ይገባ ነበር። የቱቦው ጫፍ ከመኪናው አካል ውጭ እንዲወጣ የሚደረገውም በከንቱ አይደለም፤ ቫን ስትሮጥ ከጀርባዋ አየሩ ስለሚሳሳ ጭሱ ወደ ኋላ በር ይሳባል፤ የበሩ ጎማ ካረጀም ወደ ውስጥ ይዘልቃል።

የናፍጣን ጭስ ሽታ አፍንጫ ይለምደዋል፤ በውስጡ ያለው ካርቦን ሞኖክሳይድ ደግሞ ሽታም ቀለምም የለውም። የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ምርምር ተቋምም እ.ኤ.አ. በ2012 የናፍጣን ጭስ ካንሰር አምጪ ብሎ መድቦታል።

ወንድሜ ወታደር፣ ሞተሩ ጠፍቶ ሲቀዘቅዝ ቱቦውን ከፊት እስከ ኋላ ተመልከት፤ በመገጣጠሚያ ላይ ጥቁር ጥላሸት ካየህ በጨርቅና በቆርቆሮ አትሸፍን፤ አስለውጥ። እኅቴ ሆይ፣ በመኪና ውስጥ ራስሽን አሞሽ ስትወርጂ ከተወሽ ዝም አትበዪ። በቤታችን የባለቤቴ ራስ ምታት ከእኔ የብዙ ዓመታት ልምድ ይልቅ እውነተኛ መካኒክ ሆኖ ተገኝቷልና።