የሌለው እግር ሲያሳክክ

ዓይናችሁን ጨፍኑና የቀኝ እጃችሁን ጠቋሚ ጣት ወደ አፍንጫችሁ ጫፍ አምጡ። አብዛኞቻችሁ ሳትስቱ ታደርጉታላችሁ። ጣታችሁን አላያችሁትም፤ አፍንጫችሁንም አላያችሁትም። ጣቱ አየሩን አቋርጦ ሲመጣ የነካው ነገር የለም፤ ድምፅ አላሰማም፤ ሽታም የለውም። ታዲያ እጃችሁ የት እንዳለ ማን ነገራችሁ?

በትምህርት ቤት የስሜት ሕዋሳት አምስት ናቸው ተብለን ተምረናል፦ ማየት፣ መስማት፣ ማሽተት፣ መቅመስና መዳሰስ። ከአምስቱ አንዱም ይህን ጥያቄ አይመልስልንም። እንግሊዛዊው የነርቭ ተመራማሪ ቻርልስ ሸሪንግተን በ1906 እ.ኤ.አ. ለዚህ ሌላ ስሜት ፕሮፕሪዮሴፕሽን የሚል ስም አወጣለት። አካል የራሱን አቋምና እንቅስቃሴ የሚያውቅበት ስሜት ማለት ነው። በጡንቻዎቻችን፣ በጅማቶቻችንና በመገጣጠሚያዎቻችን ውስጥ ጡንቻው ምን ያህል እንደተሳበ፣ ጉልበቱ ምን ያህል እንደታጠፈ የሚለኩ ጥቃቅን የነርቭ ጫፎች አሉ። ቀንና ሌሊት ለአንጎል ወሬ ያቀብላሉ። እኛ ግን ወሬ አቀባዮቹ መኖራቸውን እንኳ ሳናውቅ እንሄዳለን፣ እንቀመጣለን፣ ጉርሻ ወደ አፋችን እናደርሳለን።

እኔ ይህን ስሜት ስሙን ሳላውቅ የተዋወቅሁት ባደግሁበት በላሊበላ ነው። ከአሥራ አንዱ ውቅር አብያተ ክርስቲያናት መካከል ከቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል ወደ ቤተ መርቆሬዎስ የሚወስድ፣ ከዐለት የተፈለፈለ ጠባብ መተላለፊያ አለ። ውስጡ ድቅድቅ ጨለማ ነው። የሲኦል ምሳሌ ነው ይሉታል፤ በልማድም ያለ መብራት ነው የሚታለፈው። ጥቂት እርምጃ ከገባችሁ በኋላ ዓይን ቢከፈትም ቢከደንም ልዩነት የለውም። አንድ እጅ ግድግዳውን ይዞ ይሄዳል። እግር ወለሉን እየጠየቀ ይራመዳል። ጣሪያው ሳይነካችሁ ጀርባችሁ ይጎብጣል። ያን ጊዜ ሰው ሁሉ ወደ መዳፉና ወደ ውስጥ እግሩ ይሰበሰባል። በብርሃን ስንሄድ አካላችንን የምናውቀው በማየት ይመስለን ነበር፤ እዚያ ግን ዓይን ሥራ ሲፈታ ከውስጥ የሚያውቀን ሌላ ነገር እንዳለ ይገባናል።

ይህ ስሜት የሌለው ሰው ያንን ጨለማ ሊያልፍ አይችልም። እንዲህ ያለ ሰው በእርግጥ አለ። ኢያን ዋተርማን የሚባል እንግሊዛዊ በ1971 እ.ኤ.አ. የ19 ዓመት ወጣት ሳለ በአንድ ሕመም ምክንያት ከአንገቱ በታች የመዳሰስና የአካልን አቋም የማወቅ ስሜቱን አጣ። ጡንቻው ሽባ አልሆነም፤ ሕመምንና ሙቀትን መለየትም ቀርቶለታል። ነገር ግን እጁና እግሩ የት እንዳሉ አያውቅም። እጁ እሱ ሳያዝዘው ሲንሳፈፍ ያገኘዋል። ሐኪሞች ዳግመኛ አይራመድም ብለው ነበር። እሱ ግን እያንዳንዱን እንቅስቃሴ በዓይኑ እየተከታተለና በሐሳቡ እያቀደ፣ ከብዙ ወራት ልፋት በኋላ መቀመጥን፣ መቆምን፣ መራመድን ተማረ። መብራት በድንገት ሲጠፋ ግን ይወድቃል። ሐኪሙ ጆናታን ኮል ታሪኩን በ1991 እ.ኤ.አ. በመጽሐፍ አሳትሞታል። እኛ ሳናስብ የምናደርገውን ከወንበር መነሣት፣ ዋተርማን እንደ ከባድ ሒሳብ እየሠራ ነው የሚያደርገው።

የእኔ ቤተሰብ ያየው ደግሞ የዚህን ተቃራኒ ነው።

የአባቴ ታናሽ ወንድም ከላሊበላ ወጣ ብሎ በአቡነ ዮሴፍ ተራራ ሥር ገብስ የሚያርሱ ገበሬ ናቸው። ከገደል ወድቀው የተሰበረው ግራ እግራቸው ቁስሉ አመርቅዞ ከጉልበታቸው በታች ተቆረጠ። ቁስሉ ከደረቀ፣ ምርኩዝ መያዝም ከለመዱ በኋላ አንድ ማታ እሳት ዳር ተቀምጠን ሳለ «አውራ ጣቴን ያሳክከኛል» አሉ። ልጃቸው ልታክላቸው ጎንበስ ብላ ቀኝ እግራቸውን ያዘች። «እሱን አይደለም፣ የሌለውን ነው» አሏት። ቤቱ ጸጥ አለ።

ከማሳከክም ያለፈ ሆነ። የሌሉት ጣቶች ታጥፈው የተቆለፉ ይመስላቸዋል፤ ሌሊት ሌሊት ቁርጥማቱ ከእንቅልፋቸው ያስነሣቸዋል። ጎረቤቱ ሁሉ ፍቺ አለው። አንዱ፣ እግሩ ሲቀበር ጣቶቹ ተጣጥፈው ይሆናል፣ ወጥቶ ይስተካከል አለ። ሌላው የመንፈስ ሥራ ነው አለ። ሦስተኛው ሐዘን ነው፣ ሲቆይ ይረሳል አለ። ከእኛው ወገን አንድ ወንድም ደግሞ በቅን ልብ መጥቶ ጸለየላቸውና «ከዛሬ ጀምሮ አመመኝ አይበሉ፣ እንዲህ ማለት እምነትን ያፈርሳል» አላቸው። አጎቴ ታዛዥ ሰው ናቸው፤ ከዚያ ቀን ጀምሮ አላሉም። ሕመሙ ግን አልቆመም፤ የቆመው መናገራቸው ነበር። ሚስታቸው ሌሊት ጥርሳቸውን ሲያፋጩ ትሰማለች፤ ሲነጋ ግን «ደኅና አደርሁ» ይላሉ።

ኋላ ነርሲንግ ስማር ነው የአጎቴን ሕመም በመጽሐፍ ውስጥ ያገኘሁት። በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት እጅና እግራቸውን ያጡ ወታደሮችን ያከመው ሳይላስ ዊየር ሚቸል የተባለ ሐኪም በ1871 እ.ኤ.አ. ስለዚህ ነገር ጽፎ ፋንተም ሊምብ የሚል ስም ሰጥቶታል። በእኛ ቋንቋ «የጥላ አካል» ብንለው ያስኬዳል። አካላቸው ከተቆረጠባቸው ሰዎች አብዛኞቹ የሌለው አካላቸው ይሰማቸዋል፤ ብዙዎቹንም ያማቸዋል። አጎቴ አላበዱም፣ አልዋሹም፣ ጋኔንም አልያዛቸውም። በዓለም ላይ እንደ እሳቸው የሆኑ እጅግ ብዙ ሰዎች አሉ።

ምክንያቱ ምንድን ነው? በ1930ዎቹ በካናዳ ሞንትሪያል ዋይልደር ፔንፊልድ የተባለ የአንጎል ቀዶ ሐኪም ሕመምተኞቹን ሳያስተኛ፣ የአንጎላቸውን ገጽ በትንሽ ኤሌክትሪክ ይነካካ ነበር፤ አንጎል ራሱ ሲነካ አያምምና። አንዱን ቦታ ሲነካ ሕመምተኛው «አውራ ጣቴን ነካኸኝ» ይላል፤ ትንሽ ፈቀቅ ሲያደርግ «አሁን ከንፈሬን» ይላል። እንዲህ እያለ የመላው አካል ካርታ በአንጎል ላይ እንዳለ አሳየ። ካርታው እንደ አካላችን መጠን የተሣለ አይደለም፤ ለከንፈርና ለጣት ሰፊ ቦታ፣ ለጀርባ ጠባብ ቦታ ተሰጥቷል። አሁን እግር ቢቆረጥ፣ የእግሩ ካርታ አብሮ አይቆረጥም። ከታች የተቆረጡት የነርቭ ጫፎች የተዛባ ወሬ ይልካሉ፤ ከላይ ያለው ካርታም የእግሩን ወሬ መጠበቁን አይተውም። በሁለቱ መካከል ያ የሌለ እግር በሕይወት ይኖራል።

ከዚህ የምንረዳው ለሁላችንም ነው። ጤነኛው እግራችንም ሲያመን፣ ሕመሙን ሕመም የሚያደርገው አንጎል ነው። ስለዚህ «ሕመምህ አንጎልህ ውስጥ ነው» ማለት «ውሸት ነው» ማለት ሊሆን አይችልም፤ የማንም ሕመም በዚያው በኩል ነውና የሚያልፈው።

ራማቻንድራን የተባለ ሐኪም በ1990ዎቹ ቀላል ዘዴ አስተዋወቀ። መስታወት በሁለቱ እጆች ወይም እግሮች መካከል ይቆማል፤ የጤነኛው ምስል ልክ በጎደለው ቦታ ይታያል። ሰውዬው ጤነኛውን ሲያንቀሳቅስ የጠፋው የተንቀሳቀሰ ይመስለዋል። ሁሉንም አይረዳም፤ አንዳንዶችን ግን ያሳርፋቸዋል። ለዕረፍት ስመለስ ከገበያ ረዘም ያለ መስታወት ገዝቼ ወደ አጎቴ ቤት ወጣሁ።

«ጋሼ፣ የቱ ጋ ነው የሚያምዎት?» አልኋቸው።

መልስ ለመስጠት ቆዩ። ከዚያ ምርኩዛቸውን አንሥተው ከተቆረጠው እግራቸው በታች ባለው ባዶ ወለል ላይ፣ ጣቶቻቸው በሚሆኑበት ቦታ አመለከቱኝ። «እዚህ ጋ» አሉ።

መስታወቱን አቆምን። ቀኝ ጣቶቻቸውን ቀስ ብለው አጠፉ፣ ዘረጉ፣ አጠፉ፣ ዘረጉ። ዓይናቸውን ከመስታወቱ አልነቀሉም። ጥቂት ቆይተው «ተፈታ» አሉ፤ እንባቸው መጣ፤ መልሰው ደግሞ ሳቁ። ፈውስ ነበር ብዬ አላጋንንም። አንዳንድ ሌሊት ዛሬም ይመለስባቸዋል። ነገር ግን ከዚያ ቀን ወዲህ ሲያማቸው ያማቸዋል ይላሉ፤ ሚስታቸውም መስታወቱን ታቀርብላቸዋለች።

ቋንቋችን ስለዚህ ነገር ከብዙ ዘመን በፊት አውቋል። ሰው ሲያሳዝነን አንጀታችንን ይበላዋል። ስንናፍቅ ሆዳችን ይባባል። ምሥጢር ስንይዝ ሆድ ይፍጀው እንላለን። ፈረንጅ ሐሳብን ጭንቅላት ውስጥ ብቻ ሲያስቀምጥ የእኛ ሰው ሆድና አንጀትም ያስባሉ ብሎ ነው የሚናገረው። ይህም ባዶ አነጋገር አይደለም፤ ቬገስ የሚባለው፣ ልብን፣ ሳንባንና አንጀትን ከአንጎል ጋር የሚያገናኘው ነርቭ፣ ከውስጡ ካሉት ክሮች አብዛኞቹ ወሬ የሚወስዱት ከሆድ ዕቃ ወደ አንጎል ነው። አንጎል ከማዘዝ ይልቅ ብዙውን ጊዜ ያዳምጣል። ከባሕር ጠረፍ የመጣ እንግዳ 2,500 ሜትር ግድም ከፍታ ባላት ላሊበላ ደረጃ ሲወጣ ትንፋሽ ያጥረዋል፤ ከ4,200 ሜትር በላይ ወደሆነው አቡነ ዮሴፍ ቢወጣማ የባሰ ነው። ፍጠን ብሎ ሳንባውን ያዘዘ ግን እሱ አይደለም። በአንገቱና በአንጎሉ ግንድ ያሉ ጠባቂዎች የደሙን አየር ለክተው እሱን ሳያማክሩ ነው ያዘዙት።

እንግዲህ ወደ እኛ ወደ ወጣቶቹ ልምጣ። በመካከላችን «ሥጋ» የሚለው ቃል ብዙ ጊዜ የስድብ ያህል ነው። እንቅልፍ ያጣ ወጣት ሲደክመው «ሥጋ ነው» ይላል። ሳምንቱን ሙሉ ጨጓራው የሚያቃጥለው ልጅ ጾሙን ለማቋረጥ ያፍራል። ጭንቀት ደረቷን የያዛት እህት ለማንም ሳትናገር በመዘምራን መካከል ትቆማለች። ቃሉ ራሱ ያሳስተናል። በአማርኛ ሉካንዳ የሚሰቀለውም ሥጋ ነው፤ ጳውሎስ የሚወቅሰው ክፉ ዝንባሌም ሥጋ ነው፤ ይህ የምንራመድበት ሰውነትም ሥጋ ይባላል። ጳውሎስ በጻፈበት በግሪክኛ ሳርክስ እና ሶማ የሚባሉ ሁለት ቃላት አሉ። የቆሮንቶስ ሰዎችን በመጀመሪያው መልእክቱ፣ በምዕራፍ 6፣ የመንፈስ ቅዱስ ቤተ መቅደስ እንደሆነ የሚያሳስባቸው ሶማ የተባለውን ነው፤ ይኸውም አካልን። ሳርክስም ቢሆን ሁልጊዜ የኃጢአት ስም አይደለም፤ ዮሐንስ በወንጌሉ መጀመሪያ ቃል ሰው መሆኑን ሲነግረን የመረጠው ቃል ይኸው ነው። ጌታችን የተራበ፣ የደከመ፣ በጀልባ ውስጥ የተኛ አካል ነበረው። ከትንሣኤውም በኋላ ለደቀ መዛሙርቱ ያሳየው እጁንና ጎኑን ነበር።

ስለዚህ አካልን የሚያዳምጥ ሰው ከመንፈሳዊነት የወረደ አይምሰላችሁ። መዝሙረኛው በ139ኛው መዝሙር በእናቱ ማኅፀን ስለ ተሠራው ሰውነቱ ሲደነቅ፣ ስለ ጡንቻ ወሬ አቀባዮችም ሆነ ስለ አንጎል ካርታ የሚያውቀው አልነበረም፤ ሆኖም ሰውነቱ እሱ ከሚያውቀው በላይ የታወቀ መሆኑ ገብቶታል። እኛም ከእሱ ብዙ አልራቅንም። ከሰውነታችን ሥራ የምናውቀው ጥቂቱን ነው፤ የሚበልጠው ሳናውቀው ይሸከመናል።

የሌላውን ሰው አካል ደግሞ ከዚህም ባነሰ እናውቃለን። የአጎቴን የሌለ እግር ማየት የሚችል አንድም ሰው በቤቱ አልነበረም፤ ያላቸው ምስክር አንደበታቸው ብቻ ነበር፤ እሱንም አዘጋንባቸው። በእያንዳንዱ የወጣቶች ኅብረት ውስጥ የማይታይ ሕመም የያዘ ሰው አለ፤ ወገቡ ይሆናል፣ ደረቱ ይሆናል፣ ሐሳቡ ይሆናል። «እዚህ ጋ ያመኛል» ሲላችሁ፣ የሚያመለክተው ቦታ ባዶ ቢመስላችሁም መጀመሪያ እመኑት። ከዚያ ጸልዩለት። ሲነጋም ሐኪም ቤት ድረስ አብራችሁት ሂዱ።