ጊዜን የሚያስረሳ ዜማና የተረሳው ጦር

ልጆቻችን በሚያነቧቸው ተረቶች ውስጥ አንድ ዋሽንት ሲነፋ ወይም አንድ በገና ሲደረደር ጊዜ ይቆማል፤ ወንዙ ከመፍሰስ፣ ፀሐይም ከመጥለቅ ይገታል። መሣሪያው ግን ካልተጠነቀቀ ሰው እጅ የገባ እንደ ሆነ ብዙ ጥፋት ያመጣል። ውድ አንባቢ ሆይ፣ ይህን የሕፃናት ጨዋታ ነው ብለን አንለፈው፤ ለዚህ የሚቀርብ ታሪክ ከቤታችን ይገኛልና። በ6ኛው መቶ ዓመት ቅዱስ ያሬድ በአክሱም በንጉሥ ገብረ መስቀል ፊት ሲያዜም፣ ንጉሡ በዜማው ተመስጦ የተደገፈበትን ጦር በያሬድ እግር ላይ ተከለው፤ ደሙም ሲፈስ ዜማው እስኪፈጸም ድረስ ሁለቱም አላወቁም ሲሉ አባቶች ይተርካሉ። ይህንንም ዘወትር የምንናገረው የዜማውን ጣዕም ለማመስገን ነው። በወለጋ ከተሞች ባደረግሁት ጉዞ ግን ይኸው ታሪክ ሌላ ትምህርት እንዳለው ተረዳሁ።

ከአዲስ አበባ ወደ ምዕራብ 330 ኪሎ ሜትር ያህል የሚሄድ መንገደኛ ሆለታን፣ አምቦንና ጉደርን አልፎ ወደ ባኮ ቆላ ይወርዳል፤ ከዚያም እንደ ገና ወጥቶ ነቀምቴ ይገባል። ከተማዪቱ በለምለም ኮረብቶች መካከል ያለች ናት። በጥንቱ የኩምሳ ሞረዳ ግቢ የቆመ ሰው የወለጋን ያለፈ ዘመን እንደ መጽሐፍ ገልጦ ያያል። ኩምሳ ሲጠመቁ ገብረ እግዚአብሔር ተብለዋል፤ የክርስትና አባታቸውም ዳግማዊ ምኒልክ ነበሩ፤ የደጃዝማችነት ማዕረግም አግኝተዋል። የግዕዙ ማኅሌት በዚህ አገር የተስፋፋው እንዲህ ባለው ዘመን ነው።

በነቀምቴ ሳለሁ የበዓል ዋዜማ ስለ ነበረ ለማኅሌት ሄድሁ። ሊቃውንቱ በቁም ዜማ ጀመሩ፤ በዚህ ጊዜ ከበሮም ጸናጽልም የለም፤ ድምፅ ብቻ ነው። ቀጥሎ ዝማሜው መጣ፤ መቋሚያዎቹ ነፋስ እንደሚያወዛውዘው የስንዴ እሸት ወዲያና ወዲህ አዘነበሉ። ከዚያ ከበሮውና ጸናጽሉ ገብተው መረግዱ ሆነ፤ በመጨረሻም ጽፋቱ በጭብጨባ ደመቀ። ዜማው ከዝግታ ወደ ፍጥነት ሲሄድ የሰሚው ሰዓት ተቃራኒውን መንገድ ይሄዳል፤ ሌሊቱ በሙሉ እንደ አንድ ትንፋሽ ሆኖ ያልፋል። ዶሮ መጮኹን የሰማነው ጥቂቶች ነበርን።

ሲነጋ ከአንድ አረጋዊ መሪጌታ ጋር በዛፍ ጥላ ሥር ተቀመጥን።

«የኔታ፣ ሌሊቱ የት ሄደ?» አልኋቸው።

ፈገግ አሉና፣ «ያሬድ ቢጠየቅ እንዲሁ ይል ነበር። ነገር ግን ልጄ፣ ጦሩ የማን ነበር?» ሲሉ መለሱልኝ።

«የንጉሡ ነበረ።»

«እግሩስ?»

«የያሬድ።»

«እንግዲያው ዜማ ሲያልቅ አስቀድሞ ወደ ታች ማየት የሚገባው ጦር የያዘው ነው። የተወጋው በምስጋና ቢታገሥ እንኳ፣ የወጋው ሰው አላየሁም ብሎ ዝም ሊል አይገባውም። ንጉሡም አይቶ አዘነ፤ ጦሩን ነቅሎ የምትሻውን ሁሉ ጠይቀኝ አለው። የንጉሡ መልካምነት እዚህ ላይ ነው።»

ያሬድም የጠየቀው ወርቅና ሹመት አልነበረም፤ ወደ ሰሜን ተራሮች ሄዶ በምናኔ ይኖር ዘንድ ፈቃድን ነው።

የመሪጌታው ነገር በልቤ ሳለ፣ ሌሊቱን ሙሉ ከበሩ አጠገብ ቆመው ያደሩ አንዲት እናት ሰላምታ ሰጡኝ። አፋቸውን የፈቱት በኦሮምኛ ነው፤ አማርኛውንም አጣርተው ይናገራሉ። «መምህር፣ ድካሙን ፈጽሞ አላወቅሁትም፤ ዜማው ወደ ሰማይ ወሰደኝ። ነገር ግን ልጄ፣ እማዬ፣ ምን እያሉ ነው? ቢለኝ የምመልስለት ቃል አጣሁ፤ እርሱም ተኛ» አሉኝ። ይህን ሲናገሩ በድምፃቸው ቅሬታ አልነበረም። እኔ ግን ወደ እግራቸው ተመለከትሁ።

ያማረ ነገርን የያዘ ሰው፣ ያ ያማረ ነገር በማን ላይ እንደ ተደገፈ ይዘነጋል። የዜማችን ኃይልም አደጋም በአንድ ስፍራ ነው ያለው፤ ድካምን እንደሚያስረሳ ሁሉ ጎረቤትንም ሊያስረሳ ይችላል።

በዚሁ በነቀምቴ ጊዜን በሌላ መንገድ ያሸነፈች ሴት ኖራለች። አስቴር ጋኖ በልጅነቷ በባርነት ወድቃ፣ በመርከብ ወደ ዓረብ አገር ስትወሰድ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1886 ነፃ ወጣች፤ ኤርትራ ውስጥም በስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት ተማረች። ከአገሯ ርቃ ሳለች በልጅነቷ የሰማቻቸውን የኦሮሞ ዘፈኖች፣ ተረቶች፣ ምሳሌዎችና እንቆቅልሾች እያስታወሰች 500 ያህል ጻፈች። መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ የመለሰው የአናሲሞስ ነሲብ ረዳትም ነበረች፤ ትርጉሙ በ1899 ታተመ። በ1904 ከእርሱ ጋር ወደ ነቀምቴ መጥታ ሕፃናትን ስታስተምር ኖረች። ሁለቱ የእኛ ቤተ ክርስቲያን ሰዎች አልነበሩም፤ ሆኖም የተነጠቀች ልጅ የእናቷን አገር ዜማ ከመረሳት ማዳኗ የማንንም ልብ የሚነካ ነው። ያሬድን የሰማ ሰው ደሙን ረሳ፤ አስቴር ግን በቁስሏ መካከል ሆና ዜማውን አልረሳችም።

ከነቀምቴ ወደ ጊምቢ የሚሄደው መንገድ ወደ ዴዴሳ ሸለቆ ቁልቁል ወርዶ፣ ወንዙን ተሻግሮ፣ እንደ ገና ወደ ቡናው አገር ይወጣል። በጊምቢ ሕፃናት በከበሮ እየታጀቡ በኦሮምኛ ሲዘምሩ ሰማሁ። ከበሮው ያው ነው፤ አመታቱም ያው ነው። አያቶች ግን ማንም ሳያዝዛቸው ከሁለተኛው አዝማች ጀምሮ ተቀበሏቸው፤ አንድ ሕፃንም የአያቱን ቀሚስ ይዞ ትርጉሙን ሳይጠይቅ ያዜም ነበር።

አባቶች ስለ ከበሮ ሲያስተምሩ ሰፊው አፍ የመለኮት፣ ጠባቡ የትስብእት ምሳሌ ነው ይላሉ፤ በዙሪያው የተጠላለፈውም ጠፍር ጌታችን የተገረፈበትን ሰንበር ያመለክታል። እንግዲህ የምስጋናችን መሣሪያ ራሱ ቁስልን ታጥቆ የሚመታ ነው። ከበሮውን የሚመታ እጅ ጠፍሩን እንዳይረሳ ተብሎ የተሠራ ይመስላል።

ስለዚህ ወላጆች ሆይ፣ ልጆቻችሁን ወደ ማኅሌት ስትወስዱ ጣዕሙን ብቻ ሳይሆን ፍቺውንም በሚገባቸው ቋንቋ ንገሯቸው። መልሱን ያላወቃችሁት እንደ ሆነ መሪጌታውን ጠይቁ፤ ሊቃውንቱም ለጠየቀ ሁሉ፣ ይልቁንም አፉን በሌላ ቋንቋ ለፈታ፣ ጊዜ ይስጡ። ዜማው ሲፈጸም በዙሪያችን ማን እንደ ቆመ፣ በምን ላይ እንደ ተደገፍን እንይ። ጦሩ ከእኛ እጅ የተገኘ እንደ ሆነም፣ እንደ ገብረ መስቀል ቶሎ ነቅለን ወንድማችንን፣ «ምን ላድርግልህ?» እንበለው።