አጭርና ቁራጭ

አጭር ዱላ ሙሉ ዱላ ነው፤ እጀታም አለው፣ ጫፍም አለው። የተሰበረ ዱላ ግን የቱንም ያህል ቢረዝም ቁራጭ ነው። መጽሐፍም እንደዚሁ ነው እንላለን። የሥነ ጽሑፍና የታሪክ ተማሪዎች ስለሆንን ስለ ግጥም ወይም ስለ ልብ ወለድ የምናወራ ይመስላችሁ ይሆናል። አይደለም። ዛሬ የተነሣነው ስለ ቀጫጭን የፊዚክስ መጻሕፍት ልንጽፍ ነው። «እንዴ! እናንተ ደሞ ከፊዚክስ ጋር ምን አገናኛችሁ?» የሚለን አይጠፋም። መልሱን እነሆ።

እኛ የሰቃ ልጆች ነን። ሰቃ ከጅማ ወደ ቦንጋ በሚወስደው መንገድ ላይ ሃያ ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ የምትገኝ የቡና አገር ናት። እስከ 8ኛ ክፍል በኦሮምኛ ተማርን፤ 9ኛ ስንገባ ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ሆነ። 10ኛን ጨርሰን የማኅበራዊ ሳይንስን መስመር ስንይዝ ደግሞ ፊዚክስ የሚባለው በር ከኋላችን ተዘጋ። ዕድሜያችን ገና 16 እና 17 ነበር። ማንም በክፋት አላደረገውም፤ አሠራሩ ነው። ነገር ግን ሰው በዚያ ዕድሜው ስለ ብርሃን፣ ስለ ሙቀት፣ ስለ ከዋክብት መጠየቅ ከእንግዲህ ያንተ ፋንታ አይደለም መባሉ ቀላል ነገር አይደለም። የተዘጋውን በር ገርበብ አድርገው የሚከፍቱልን እነዚህ ቀጫጭን መጻሕፍት ናቸው። የሚያገባንም ለዚህ ነው።

ይሁን እንጂ ቀጭን ሁሉ አንድ አይደለም። በየፎቶ ኮፒ ቤቱ ሾርት ኖት የሚባል ቀጭን የፊዚክስ ወረቀት ሞልቷል። ገዝቶ የሚያነበውን ተማሪ አንወቅስም። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ከወሰዱት ውስጥ ግማሽና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 ከመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. ደግሞ 3.2 ከመቶ ብቻ እንደነበሩ አገር ሰምቷል። እንዲህ ያለ ፈተና የተደቀነበት ልጅ ያገኘውን ቢጨብጥ ምን ይፈረድበታል? እኛ የምንጠይቀው ሌላ ነው፤ የጨበጠው ነገር ሙሉ ነው ወይስ ቁራጭ?

አንድ ምሳሌ እንስጥ። ከእነዚህ ወረቀቶች በአንዱ ላይ «ውሃ በ100 ዲግሪ ሴልሺየስ ይፈላል» ተብሎ ተጽፏል። አጭር ነው፤ ለመሸምደድም ይመቻል። ሰቃ ላይ ግን ልክ አይደለም። ጅማና አካባቢዋ ከባሕር ወለል ከ1,700 ሜትር በላይ ከፍ ያሉ ናቸው። ወደ ላይ በወጣን ቁጥር ከራሳችን በላይ ያለው አየር ያንሳል፤ ውሃውን ከላይ የሚጫነውም ግፊት አብሮ ይቀንሳል። ጫናው የቀለለለት ውሃ ታዲያ 100ን ሳይጠብቅ በ94 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። አዲስ አበባ ላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ስለሆነ ወደ 92 ይወርዳል። የሰቃ ጀበና እንግዲህ 100 ዲግሪ አይታ አታውቅም! ከሰል ብንጨምርባት ውሃው ቶሎ ይተናል እንጂ ከዚያ በላይ አይሞቅም። ደጋ ላይ ባቄላና ሽምብራ ለመብሰል የሚዘገየውም በዚሁ ምክንያት ነው። ከዚያ መስመር ላይ የተቆረጡት «በባሕር ወለል ላይ» የሚሉ ሦስት ቃላት ናቸው። በእነዚያ ሦስት ቃላት ውስጥ ግን አገራችን ነበረች። ቃላቱ ሲቆረጡ ልጁ የሚማረው ትምህርት ከእናቱ ማድቤት ጋር አይተዋወቅም።

ወደ ሙሉዎቹ አጫጭር መጻሕፍት እንምጣ። ማይክል ፋራዴይ የአንጥረኛ ልጅ ነበር። በ14 ዓመቱ ለንደን ውስጥ በአንድ መጽሐፍ ጠራዥ ዘንድ ሙያ ሊማር ገባ። ሌላው ጠራዥ የመጽሐፉን ጀርባ ሲሰፋ እሱ ሆዱን ያነብ ነበር። ከእጁ ከገቡት መጻሕፍት አንዱ ጄን ማርሴት የተባለች ሴት ለጀማሪዎች ብላ በጭውውት መልክ የጻፈችው የኬሚስትሪ መጽሐፍ ነው። ይህ ልጅ ነው እንግዲህ አድጎ እ.ኤ.አ. በ1831 በማግኔት እንቅስቃሴ የኤሌክትሪክ ጅረት ማመንጨት እንደሚቻል ያሳየው። ከጅማ ብዙም በማይርቀው በግልገል ጊቤ ግድብ ውስጥ ማመንጫዎቹ የሚሠሩት በዚሁ ሕግ ነው። በስተርጅናው ደግሞ፣ እ.ኤ.አ. በ1860 መጨረሻ፣ ለወጣቶች ስድስት ንግግሮች አደረገ። ርእሱ ምን ይመስላችኋል? አንድ ሻማ! ሰሙ ለምን እንደሚቀልጥ፣ የቀለጠው በክሩ እንዴት ወደ ላይ እንደሚሳብ፣ ነበልባሉ ለምን እንደሚያበራ እያለ ከዚያች ከአንዲት ሻማ ሳይርቅ እስከ ሰው ልጅ ትንፋሽ ድረስ ወሰዳቸው። ንግግሮቹ በ1861 መጽሐፍ ሆነው ወጡ።

ከመካከላችን አንዱ አዲስ አበባ ሄዶ ከመንገድ ዳር መጽሐፍ ሻጭ አንድ ያረጀ ቀጭን መጽሐፍ ገዝቶ መጣ። ሌቭ ላንዳውና ዩሪ ሩመር የተባሉ የሶቪየት ሊቃውንት ስለ ሬላቲቪቲ የጻፉት ነው። እኛ ሬላቲቪቲ ሲባል የአንስታይን ጸጉርና ብዙ ቀመር ነበር የሚታየን። እነሱ ግን የሚነሡት ከቀላል ነገር ነው፤ አንድ ቤት ከመንገዱ በስተቀኝ ነው ወይስ በስተግራ? ወዴት እንደምትሄድ ካልተናገርክ ጥያቄው መልስ የለውም። ይኸማ የሰቃ ሰው በየቀኑ የሚያውቀው ነው አልን። ከጅማ ስትመጣ በቀኝህ የነበረው ሱቅ ከቦንጋ ስትመለስ በግራህ ይሆናል። ሱቁ አልተንቀሳቀሰም፤ ቀኝና ግራ ግን ለብቻቸው ቆመው የሚገኙ ነገሮች አይደሉም። ከዚያ በኋላ ጊዜም እንደዚያ ነው ሲሉን ደነገጥን፤ ቢሆንም እስከዚያ ድረስ በእግራችን ነበር የሄድነው፣ ማንም አልተሸከመንም።

ሌሎችም አሉ። ስቲቨን ሆኪንግ እ.ኤ.አ. በ1988 ስለ ጊዜ ታሪክ ባወጣው መጽሐፉ ውስጥ፣ እያንዳንዱ ቀመር የገዢውን ቁጥር በግማሽ ይቀንሳል ስለተባለ፣ አንዱን የአንስታይንን ቀመር ብቻ አስቀርቶ ሌላውን ተወ። ጣሊያናዊው ካርሎ ሮቬሊ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2014 ሰባት አጫጭር ትምህርቶችን በአንድ ትንሽ መጽሐፍ አወጣ፤ መነሻቸው ለጋዜጣ የተጻፉ መጣጥፎች ነበሩ። አሜሪካዊው ሪቻርድ ፋይንማን ከሁሉም ያሳጠረ ነው። የሰው ልጅ እውቀት ሁሉ ጠፍቶ ለሚመጣው ትውልድ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ይተላለፍ ቢባል፣ ነገር ሁሉ ዘወትር ከሚንቀሳቀሱ አቶሞች የተሠራ መሆኑን የሚናገረውን እመርጣለሁ ብሏል። በዚህ ዓረፍተ ነገር ቡና ሲቆላ አስቡት። ሽታው ጎረቤት ደረሰ ማለት ከቡናው ራሱ የተነሡ ደቃቃ ቅንጣቶች በአየር ተጉዘው ጎረቤት አፍንጫ ገቡ ማለት ነው። ጎረቤታችን ገና ሳይጠራ ቡናችንን ቀምሷል!

ይህን ሁሉ ለአንድ የፊዚክስ ክፍል ጓደኛችን ስንተርክለት ሳቀብን። «ቀመር የሌለው ፊዚክስ ጨው የሌለው ወጥ ነው፤» አለን። «እናንተ የተሰማችሁ የማወቅ ስሜት እንጂ እውቀት አይደለም። አንድ ነገር አስሉ እስቲ!» ነገሩ ቆነጠጠን፤ ግን እውነት አለበት። መጽሐፍ ሆድ ሳይሞላ አፍ ብቻ ሊያጣፍጥ ይችላል። ስለዚህ ለማስላት ተቀመጥን። ምን እናስላ ስንል ጫኝና አውራጆቹ ታወሱን።

ፊዚክስ «ሥራ» የሚለው ኃይል በተጓዘው ርቀት ሲባዛ የሚገኘውን ነው። አንድ ሰው 60 ኪሎ ጆንያ ቡና፣ በእኛ አገር ሚዛን ሦስት ፈረሱላ ተኩል ያህል፣ ከመሬት አንሥቶ 1.5 ሜትር ከፍታ ያለው ትከሻው ላይ ቢያወጣ፣ 60 በ9.8 በ1.5 ሲባዛ 882 ጁል ይሆናል። አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር፣ አራት ግራም ብንለው፣ ውስጡ 67,000 ጁል ያህል አለው። ጡንቻ ከሚያቃጥለው ወደ ሥራ የሚለውጠው ሩቡን ገደማ ብቻ ነው። እንግዲህ የገዛ አካሉን ማጎንበስና ማቅናት ሳንቆጥር፣ አንዲት ማንኪያ ስኳር 19 ጆንያ ያህል ታስነሣለች። ተሸካሚዎቹ ሻያቸውን ስኳር አብዝተው የሚጠጡት ያለ ነገር አይደለም።

አሁን ያ ሰው ጆንያውን እንደተሸከመ ሚዛን ቤት በር ላይ ወረፋ ይጠብቅ። ጆንያው ከፍም ዝቅም አላለም። ሾርት ኖቱ «የተሠራ ሥራ ዜሮ ነው» ብሎ ያልፋል። ይኸን ስናነብ ደማችን ፈላ። ላቡ የሚንጠባጠብ ሰው ምንም አልሠራም? በኦሮምኛ ሆጂ ብንለው፣ በአማርኛ ሥራ ብንለው፣ ይኼ ሥራ ካልሆነ ሥራ የት አለ? ሙሉው መጽሐፍ ግን ዜሮው ላይ አይቆምም። ችካል ላይ የተሰቀለ ጆንያ ችካሉን አያደክመውም፤ ጡንቻ ግን ችካል አይደለም። ቆሞ ሲሸከም በውስጡ ያሉት ክሮች ሳያቋርጡ ይሳባሉ፣ ይለቃሉ፣ እንደገና ይሳባሉ። በየጊዜው ነዳጅ ያቃጥላሉ፤ የተቃጠለውም ሙቀት ይሆናል፤ ላቡ ከዚያ ነው። ዜሮ የሆነው ጆንያው ላይ የተሠራው ነው፣ በሰውዬው ውስጥ ያለቀው አይደለም። ይህን ለመጨመር አራት መስመር በቂ ነው። እነዚያ አራት መስመሮች የተቆረጡበት ልጅ ግን ወይ ፊዚክስን ሞኝ ነው ይላል፣ ወይ ተሸካሚ አባቱን አልሠራህም ይላል።

ነገሩ ገበሬውም ዘንድ ይደርሳል። ታጥቦ የወጣ ቡና ከክብደቱ ግማሽ ያህሉ ውሃ ነው። ለገበያ እንዲበቃ አልጋ ላይ ተሰጥቶ ከ11 እስከ 12 ከመቶ እስኪደርስ መድረቅ አለበት። በዕረፍት ጊዜያችን የሰቃ አንድ አዛውንት ገበሬ ቡናቸውን በስሱ አስጥተው በእጃቸው እያገላበጡ፣ ቀትር ላይ ፀሐይ ሲበረታ ሲሸፍኑት አገኘናቸው። «አባባ፣ ፀሐይ ለማድረቅ አይደለም እንዴ የሚፈለገው? ለምን ይሸፍኑታል?» አልናቸው። «ልጆቼ፣ ያልተሸፈነ ይሰነጠቃል። ቡናን የሚያደርቀው ፀሐይ ብቻ አይደለም፣ ነፋስም ነው፤» አሉን።

አዛውንቱ በሁለት ዓረፍተ ነገር የተናገሩትን መጽሐፉ በአቶም ቋንቋ ይደግመዋል። ከውሃው ቅንጣቶች ፈጣኖቹ ከገጹ አምልጠው ይወጣሉ፤ ከፊሎቹ ግን ተመልሰው ይወድቃሉ። ነፋስ ያመለጡትን ጠርጎ ስለሚወስድ መመለሻ ያሳጣቸዋል። ከፍሬው መሐል ያለው ውሃ ደግሞ ወደ ላይ የሚወጣው ቀስ ብሎ ነው። ፀሐይ ላዩን ከውስጡ ቀድሞ ካደረቀው፣ ላዩ ሲኮማተር ውስጡ እንደ ረጠበ ስለሚቆይ ልባሱ ይሰነጠቃል። ይህን ስንነግራቸው አዛውንቱ ራሳቸውን ነቀነቁና «ታዲያ ይኸን ለምን ቀደም ብላችሁ በኦሮምኛ አልጻፋችሁትም?» አሉን። ዝም አልን።

ጥያቄው አሁንም ከእኛ ጋር ነው። እጃችን የገቡት መልካም ቀጫጭን መጻሕፍት ሁሉ በእንግሊዝኛ ናቸው። ፋራዴይን ያነቃው መጽሐፍ ግን በገዛ ቋንቋው የተጻፈ፣ ለሊቃውንት ሳይሆን ለጀማሪ የታሰበ ነበር። የሮቬሊም መጽሐፍ መጀመሪያ የጋዜጣ ዓምድ ነበር። እንግዲያው ይህች መጽሔታችን በየእትሟ አንድ ገጽ ለአንድ የፊዚክስ ጥያቄ ትስጥ እንላለን። የፊዚክስ ክፍል ጓደኞቻችን ስሌቱን ያምጡ፤ እኛ ቋንቋውን፣ አማርኛውንም ኦሮምኛውንም፣ እናምጣ። ጥያቄ አይቸግረንም። የጀበና አንገት ለምን ቀጠነ? የጎጀብ ሸለቆ ጉም ጠዋት ከታች ተኝቶ ረፋድ ላይ ወዴት ይሄዳል? የተቆላ ቡና ከጥሬው ለምን ቀለለ?

ገጹ አንድ ብቻ ስለሚሆን ብዙ ነገር መተዉ አይቀርም። ቢሆንም «በባሕር ወለል ላይ» ለሚሉት ሦስት ቃላት ቦታ አይጠፋም።