የእምቢታው ወረቀት

በአፍ የተነገረ «አይሆንም» ፍርድ ቤት እንደማያደርስ የተማርኩት አክስቴ ቤት ስትሠራ ነው። የምትኖረው በመካነ ሰላም ዙሪያ፣ በምዕራብ ደቡብ ወሎ ደጋ ካሉት ከተሞች በአንዷ ነው። እዚያ የግንባታ ወራት አጭር ናቸው፤ ክረምት ሲገባ ሥራ ይቆማል፤ ሲሚንቶና ብረቱ ከደሴ በአቀስታ በኩል ስለሚመጣ የመኪናው ኪራይ ያንገበግባል። አጎቴ ሲታመም ለግንባታው የተያዘው ገንዘብ ወደ ሕክምና ዞረ። ቤቱ ኮለኑ ቆሞ ቀረ፤ የፈቃዱም ጊዜ አለፈ።

ፈቃዱን ለማሳደስ ወደ ከተማው አስተዳደር በሄደች ቁጥር መልሱ «እናቴ፣ ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው»፣ «ፋይሉ ይታይና ይመለሱ» ነበር። የከለከላትም ያደሰላትም የለም። በዚህ መሀል አንድ ጎረቤቷ በተመሳሳይ ጉዳይ ተማርሮ በቀጥታ ክስ መሠረተ። አስተዳደሩ «የሰጠነው ውሳኔ የለም፤ ይግባኝ ሰሚውም ጉዳዩን አላየውም» ሲል ተቃወመ፤ መዝገቡም ተዘጋ። እውነቱ ከማን ጋር እንደሆነ አንድም ሰው ሳይመረምረው መቅረቱ እስከ ዛሬ ያናድደኛል።

የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 ፈቃድ የመስጠቱን ሥራ ለሕንፃ ሹም ሰጥቶ፣ በሹሙ ውሳኔ ቅር ለተሰኘ ሰው ይግባኝ ሰሚ ቦርድ አበጅቷል። ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 37 ፍትሕ የማግኘት መብትን ያረጋግጣል። ይግባኝ የሚባለው ግን ውሳኔ ሲኖር ነው፤ በዝምታ የሚያመላልስ ቢሮ ይህን በር ይዘጋል።

መንገዱን ያሳዩን በፍርድ ቤቱ ደጅ ማመልከቻ የሚጽፉ አዛውንት ናቸው። «እትዬ፣ ዳኛ የሚያየው የተጻፈ ነገር ነው። መጀመሪያ እምቢ ያሉበትን ምክንያት ያስጽፏቸው» አሏት። ማመልከቻው «ፈቃዱ ይታደስልኝ፤ ካልሆነም ምክንያቱ በጽሑፍ ይሰጠኝ» የሚል ነበር። መዝገብ ቤት አስገብተን ቅጂው ላይ ቀንና ቁጥር አስመታን።

ደብዳቤው ሲመጣ ምክንያቱ «የሊዝ ግንባታ ማጠናቀቂያ ጊዜ አልፏል» ሆኖ ተገኘ። የሊዝ አዋጅ ቁጥር 721/2004 ለአነስተኛ ግንባታ እስከ 24፣ ለመካከለኛ እስከ 36፣ ለከፍተኛ እስከ 48 ወር ይሰጣል። የአክስቴ ቦታ ግን ነባር ይዞታ እንጂ በሊዝ የተገኘ አይደለም! ይህን ምክንያት በአፍ ሲያመላልሷት ማንም አልነገራትም፤ በወረቀት ሲሰፍር ግን ስህተቱ ለሁሉም ታየ። ደብዳቤውን ይዛ ይግባኝ ስትል ቦርዱ ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ መለሰው፤ ፈቃዱም ታደሰ።

የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የፌዴራል ተቋማት ውሳኔያቸውን በጽሑፍና በምክንያት እንዲሰጡ ያዛል። በክልል ከተሞች የምትሠሩ ሹሞችና ባለሙያዎች፣ አዋጁ በቀጥታ ባይመለከታችሁም ባለጉዳይን በአፍ አትመልሱ፤ ውሳኔያችሁን ጽፋችሁ ስጡት። ቤት የጀመራችሁ ወገኖቼም የፈቃዳችሁ ጊዜ ሳያልፍ አመልክቱ፤ ቀንና ቁጥር የተመታበትን ቅጂ ከካርታችሁ ጋር አስቀምጡ።