የሕያዋን ባሕረ ሐሳብ

ባሕረ ሐሳብ የሰማይን ጊዜ የምንቆጥርበት ጥበብ ነው። ዓመተ ዓለሙን ለዐሥራ ዘጠኝ ገድፎ፣ ከቀሪው አንድ ቀንሶ ወንበርን፣ ከወንበርም አበቅቴንና መጥቅዕን አውጥቶ ትንሣኤ መቼ እንደሚውል ይነግረናል። እኔ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ የሚያምረኝ ሌላ ባሕረ ሐሳብ ነበረ፤ የሥጋን ጊዜ የሚቆጥር። ዛፉ በውስጡ ስንት ሰዓት እንደ ሆነ የሚለይ፣ የሰውን አበቅቴ ከደሙ የሚያወጣ፣ ሲያሻውም ዕድሜን የሚያዘገይ ወይም የሚመልስ። በዚህ ስም የሚጠራ ትምህርት ስለሌለ በልቤ መሠረትሁት፤ መምህሩም ደቀ መዝሙሩም እኔው ሆንሁ።

ፈጠራዬ ከባዶ የተነሣ አይደለም። በ1729 እ.ኤ.አ. ደ ሜራን የተባለ ፈረንሳዊ ሊቅ ቀን ቅጠሉን የሚዘረጋ፣ ማታ የሚያጥፍ አንድ ተክል ከጨለማ ስፍራ አኖረ። ተክሉ ፀሐይን ሳያይ በጊዜው መዘርጋቱን፣ በጊዜው ማጠፉን ቀጠለ። የእኔ መጽሐፍ የመጀመሪያ አንቀጽ ከዚህ ይነሣል፦ ጊዜ ከውጭ ብቻ አይመጣም።

ከሁሉ የምወደው ግን የሚሼል ሲፍርን ታሪክ ነው። በ1962 እ.ኤ.አ. ይህ የ23 ዓመት ወጣት ሰዓቱን ትቶ በአልፕስ ተራሮች ውስጥ ወዳለ በረዷማ ዋሻ ወረደና ሁለት ወር ያህል ብቻውን ተቀመጠ። ጓደኞቹ «ቀኑ ሞልቷል፣ ውጣ» ባሉት ጊዜ እርሱ ገና 25 ቀን የሚቀረው መስሎት ነበር። ሲመረመር ግን ሰውነቱ ከ24 ሰዓት ጥቂት ብቻ በሚበልጥ ዑደት ሲተኛና ሲነሣ ኖሯል። አእምሮው የሳተውን ቁጥር ሥጋው ይዞት ነበር ማለት ነው። መቼም ይህን ያነበበ ሰው ገላውን እንደ ቀድሞው አያየውም።

በ1971 እ.ኤ.አ. ኮኖፕካና ቤንዘር የተባሉ ተመራማሪዎች ደግሞ ቀናቸው የተዛባባቸውን ዝንቦች አገኙ፤ የአንዳንዶቹ ቀን 19 ሰዓት፣ የሌሎቹ 28 ሰዓት፣ የሦስተኞቹ ግን ጭራሹን ቀን የሚባል ነገር የሌላቸው። የሦስቱም መዛባት የሚመነጨው ከአንዲት ዘረ መል ነበር። ይህች ዘረ መል እንዴት እንደምትሠራ የገለጡ ሦስት ሰዎች በ2017 እ.ኤ.አ. ኖቤል ተሸልመዋል። እኔ ግን ዘወትር የሚያሳዝኑኝ እነዚያ ቀን የሌላቸው ዝንቦች ናቸው።

የመለኪያውም ነገር ሩቅ አልሆነም። በ2013 እ.ኤ.አ. ስቲቭ ሆርቫት በዲ ኤን ኤ ላይ የሚገኙ 353 ነጥቦችን ኬሚካላዊ ምልክት አንብቦ የሰውን ዕድሜ የሚገምት ስሌት አወጣ፤ ስሕተቱ በአማካይ ከሦስት ዓመት ተኩል እምብዛም አይርቅም። እናቴ የልደት ቀኗን አታውቅም። ሲጠይቋት «ጣልያን በወጣ በማግሥቱ ዓመት» ትላለች። እንግዲህ የእሷ ቀመር ከሆርቫት ስሌት የረቀቀ መሆኑ ነው!

ስለ እናቴ ካነሣሁ ዘንድ ልቀጥል። የመርሳት ሕመም ከያዛት ሦስተኛ ዓመቷ ነው። በሰው አንጎል ሥር ከሩዝ ቅንጣት የማይበልጥ፣ 20,000 ያህል ሕዋሳት ያሉት የሰዓት ቤት አለ፤ ይህ ሕመም ያንንም ቤት ያፈርሳል። የሲፍር ሥጋ ዋሻ ውስጥ የጠበቀውን ቁጥር የእናቴ ሥጋ በገዛ ቤቷ እያጣው ነው። ሌሊት ተነሥታ ነጠላዋን ታጣፋለች፣ ምድጃ ለማያያዝ ክብሪት ትፈልጋለች።

«ስንት ሰዓት ነው ልጄ?»

«ስምንት ሰዓት ነው እማዬ።»

«ታዲያ የቡና ሰዓት አይደል እንዴ! ሰው ሳይመጣ ልቁላ እንጂ።»

ምን ይመለሳል? በእኛ አቆጣጠር የሌሊቱም ስምንት፣ የቀኑም ስምንት ነው።

ሐኪሟ የእንቅልፍ ክኒንና የማለዳ ፀሐይ አዘዘላት። ክኒኑን በመዳፌ ይዤ ስመለከተው ያ የልጅነት ሳይንሴ ሁለተኛ ክፍል፣ ጊዜን ማዛወር የምለው፣ ነጭና ትንሽ ሆኖ ተገለጠልኝ። እኅቴ ይሰጣት ትላለች፤ እውነቷን ነው፣ ቤቱ ከሰል ያለበት ቤት ነው፣ ሌሊት እሳት አይታመንም። እኔ ደግሞ እለያለሁ፦ ክኒኑ እናታችንን ወደ እኛ ሰዓት አያመጣትም፤ ሌሊቱን ይነጥቃታል እንጂ። ወስዳው ባደረች ቀን እስከ ቀትር ትፈዛለች። ያን ጊዜ ስሜን ብጠይቃት አትመልስም። በስምንት ሰዓቷ ግን የትውልድ መንደሯን ጎረቤቶች አንድ በአንድ ትቆጥርልኛለች፤ ማን ከማን አጥር እንደሚዋሰን፣ የማን ላም በየትኛው ክረምት እንደሞተች ሳይቀር። የትኛውን ሰዓቷን ነው ልክ የምለው? ያማናካ በ2006 እ.ኤ.አ. ያደገ የአይጥ ሕዋስ ወደ ጥንስሱ እንደሚመለስ አሳይቷል። በእውነቱ ግን እናቴ ሃያ ዓመት እንድትሆንልኝ አልመኝም። ሁለታችን በአንድ ሰዓት እንድንነቃ ብቻ ነው የምፈልገው።

ለጊዜው ከእኅቴ ጋር የተስማማነው እንዲህ ነው፦ ከሰሉና ክብሪቱ ይቆለፍባቸዋል፤ ሌሊቱ የእኔ፣ ቀኑ የእሷ ተራ ነው፤ ክኒኑ እኔ በሌለሁበት ሌሊት ብቻ ይሰጣል። በማለዳ አንድ ሰዓት ላይ ወንበሯን ወደ ምሥራቅ አዙሬ ከደጃፍ አስቀምጣታለሁ። የሰዓት ቤቱ ከፀሐይ ወሬ የሚሰማው በዓይን በኩል ነውና፣ «እንዳትጨፍኚ እማዬ፣ ብርሃኑ በዓይንሽ ይግባ» እላታለሁ።

«አንተ ደግሞ፣ ፀሐይ በዓይን ይሞቃል እንዴ?» ትልና ጨፍና ትስቃለች።